ባለቤቱን ያገደ፣ ሌባውን ያሳለፈ ወረቀት

ማን መሆንዎን በምን ያስረዳሉ? በሰፈርዎ ሳሉ ጥያቄው ራሱ ያስቃል። የመስጊድዎ ጀመዓ ያውቅዎታል፤ ባለሱቁ ስምዎን በዱቤ መዝገቡ ላይ ጽፏል፤ የጎረቤት ልጅ ከሩቅ አይቶ «ጋሼ» ብሎ ይጠራዎታል። ከሰፈር ወጥተው ከአንድ መሥሪያ ቤት መስኮት ፊት ሲቆሙ ግን ይህ ሁሉ ምስክርነት ይረግፋል። ከመስታወቱ ወዲያ የተቀመጠው ሰው ቀና ሳይል «መታወቂያ!» ይላል። መታወቂያ ያልያዘ ሰው ቁመቱ ሁለት ሜትር ቢሆንም በዚያ መስኮት በኩል አይታይም።

«ማንዳቢ» የተሰኘው ፊልም የቆመው በዚህች አንዲት ጥያቄ ላይ ነው። ሴኔጋላዊው ደራሲና የፊልም አዘጋጅ ኡስማን ሴምቤን እ.ኤ.አ. በ1966 ባሳተመው አጭር ልብ ወለድ ላይ ተመሥርቶ እ.ኤ.አ. በ1968 ለእይታ ያበቃው ሥራ ነው። «ማንዳ» በፈረንሳይኛ በፖስታ ቤት በኩል የሚላክ የገንዘብ ማዘዣ ነው፤ ወሎፎች ቃሉን ወስደው «ማንዳቢ» አሉት። እኛ ብንሆን «ሐዋላው» እንል ነበር። ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ የሆነውን ፊልም አሁን ምን አስነሣው የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። መልሳችን አጭር ነው። ፊልሙ ታድሶ እ.ኤ.አ. በ2021 እንደገና ለሕዝብ ቀርቧል፤ ከዚህም በላይ በውስጡ የሚንከራተተው ሰው ስሙ ኢብራሂም ነው፣ ችግሩም ከእኛ ደጅ የራቀ አይደለም።

የታሪኩ አካሄድ

ኢብራሂማ ዲዬንግ በዳካር ከተማ የሚኖር፣ ሁለት ሚስቶችና ሰባት ልጆች ያሉት፣ ሥራ ካጣ የቆየ አባወራ ነው። አንድ ቀን ፖስተኛው ከፓሪስ የመጣ ደብዳቤና የሐዋላ ማስታወቂያ ይዞ ይመጣል። ላኪው የእህቱ ልጅ አብዱ ነው። አብዱ በአገሩ ሥራ አጥቶ ፈረንሳይ ሄዶ የፓሪስን መንገድ ይጠርጋል። የላከው ገንዘብ 25,000 ፍራንክ ሲሆን ክፍፍሉም በደብዳቤው ተዘርዝሯል። 2,000 ለአጎቱ፣ 3,000 ለእናቱ፣ የቀረው 20,000 ደግሞ እሱ እስኪመለስ አጎቱ ዘንድ የሚቀመጥ አደራ ነው።

አንባቢ ሆይ፣ ይህን ስሌት ልብ ይበሉልን። ከሐዋላው ውስጥ የዲዬንግ ገንዘብ ከአሥር እጅ አንድ እጅ እንኳ አይሞላም። ሌላው ሁሉ የሰው ሐቅ ነው። ወሬው ግን ከገንዘቡ ቀድሞ ሰፈሩን ያዳርሳል። እስከ ትናንት ዱቤ የከለከለው ባለሱቅ ሩዝና ዘይት ይሰጣል። ሚስቶቹ ሜቲና አራም ገና ባላቸው ወደ ቤት ሳይገባ ምሳ አብስለዋል። ጎረቤት ሊበደር ይመጣል፣ ከመስጊድ ሲወጣም እጅ የሚይዘው አያጣም። ገንዘቡ ገና በፖስታ ቤት ሳጥን ውስጥ እያለ ዲዬንግ ባለዕዳ ሆኗል።

ከዚያ በኋላ ያለው ጉዞ ለማንኛችንም አዲስ አይደለም። ፖስታ ቤቱ መታወቂያ ይጠይቃል። መታወቂያ የሚሰጠው ፖሊስ ጣቢያ ነው፤ ፖሊስ ጣቢያው የልደት የምስክር ወረቀት፣ ሦስት ጉርድ ፎቶግራፍና ቴምብር አምጣ ይላል። የልደት ወረቀቱ ያለው ማዘጋጃ ቤት ነው፤ ማዘጋጃ ቤቱ የተወለድክበትን ቀን ተናገር ይላል። ዲዬንግ ግን እ.ኤ.አ. በ1900 ገደማ መወለዱን እንጂ ቀኑን አያውቅም። ፎቶ አንሺው ገንዘቡን ተቀብሎ ፎቶው ተበላሽቷል ይላል፤ በዚህ የተነሣ በተፈጠረ ጠብ ሽማግሌው አፍንጫው ደምቶ ወደ ቤቱ ይመለሳል። ዘመድ የሰጠውን ቼክ ሲመነዝር እንኳ መንገድ ላሳይህ ያለው ሰው ድርሻውን ቀንሶ ይወስዳል። እህቱ የልጇን ገንዘብ ልትቀበል ስትመጣ ተበድሮ ይሰጣታል። ባለሱቁም በዕዳው ምክንያት ቤቱን እስከ መሸጥ እንዲያስብ ይገፋፋዋል።

በመጨረሻ የሚያድነው ሰው የተገኘ ይመስላል። ምባይ የሚባል፣ የተማረ፣ ሱፍ ለባሽ ዘመድ አለው። «ውክልና ስጠኝና እኔ አወጣልሃለሁ» ዓይነት ሐሳብ ያቀርብለታል። ዲዬንግ ይፈርማል። ምባይ ሐዋላውን ያወጣል፤ ከዚያም ኪስ አውላቂ ወሰደብኝ ብሎ ጆንያ ሩዝና ጥቂት ገንዘብ ይሰጠዋል። ሽማግሌው ሩዙን በደጁ ላይ ለተሰበሰበው ችግረኛ ሁሉ ያድላል። ደግነት ከእንግዲህ ኃጢአት ሆኗል፣ እኔም እንደነሱ ቀማኛ እሆናለሁ ብሎ ይዝታል። ያን ጊዜ የሚመልስለት ያው ሐዋላውን ያመጣው ፖስተኛ ነው፤ አገሪቱን መለወጥ የእኛው ፈንታ ነው ይለዋል።

ለመቀበል የታወቀ፣ ለመስጠት ያልታወቀ

የፊልሙ ትልቁ ብርታት፣ በእኛ አስተያየት፣ ማንም ባለሥልጣን ጉቦ ጠይቆ ጠረጴዛ ሲደበድብ አለማሳየቱ ነው። ክፉ ንጉሥ የለበትም፤ ክፉ አለቃም አይታይም። እያንዳንዱ ሠራተኛ የሚናገረው ለብቻው ሲታይ ትክክል ነው። መታወቂያ አምጣ ማለት ትክክል ነው። ለመታወቂያ የልደት ወረቀት ማስፈለጉም ትክክል ነው። ወረቀት ለማውጣት ቀን መታወቅ አለበት ማለትም ያስኬዳል። ትክክል የሆኑት ነገሮች ሲደመሩ ግን ውጤቱ ግፍ ነው። ይህን ያህል ጥርት አድርጎ ያሳየ ሥራ ብዙ አናውቅም።

አንዲት ትንሽ ትዕይንት ለዚህ ማስረጃ ትሆናለች። ዲዬንግ በፖስታ ቤቱ መስኮት መታወቂያ ሲጠየቅ ያለውን ሁሉ ያወጣል፤ ግብር የከፈለበት ደረሰኝ አለው፣ የመራጭነት ካርድም አለው። ፎቶ የለባቸውም ተብሎ ሁለቱም ይመለሱለታል። አንባቢ ሆይ፣ እስቲ እናስተውል። መንግሥት ከዚህ ሰው ግብር ሲሰበስብ ማን እንደሆነ አውቆታል። ድምፁን ሲፈልግም አውቆታል። የገዛ ዘመዱ የላከለትን ገንዘብ ሊቀበል ሲመጣ ብቻ ነው የማያውቀው። ሰውየው ሊወሰድበት ሲሆን የታወቀ፣ ሊሰጠው ሲሆን ያልታወቀ ነው። ሴምቤን ይህን በንግግር አልሰበከም፤ ሁለት ወረቀት መስኮት ላይ አስቀምጦ ዝም አለ። ዝምታው ከስብከት በለጠ።

የልደት ቀኑም ነገር እንዲሁ ነው። የማዘጋጃ ቤቱ ሠራተኛ ቀኑን አለማወቅን እንደ ዲዬንግ ጥፋት ይቆጥረዋል። እሱ በተወለደበት ዘመን ግን የእናቱን ደጅ አንኳኩቶ ልጅሽን ላስመዝግብ ያለ ማን ነበር? መዝገብ ያላቋቋመ መንግሥት «መዝገብ ላይ ለምን የለህም?» ብሎ ዜጋውን ይከስሳል።

ይህን የሴኔጋል ጉዳይ ብቻ አድርገን እንዳናልፈው የራሳችንን ታሪክ እናስታውስ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ የፍትሐ ብሔር ሕግ ስለ ልደት፣ ስለ ጋብቻና ስለ ሞት መዝገብ በሰፊው ደንግጓል። ይሁንና ያው ሕግ በመጨረሻው አካባቢ የክብር መዝገብ ድንጋጌዎቹ ሌላ ትእዛዝ እስኪወጣ ድረስ እንዳይሠራባቸው አገዳቸው። ትእዛዙ ሳይወጣ ዘውዱ ወደቀ። የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት በተወረሰበት በ1967ቱ አዋጅ ቀበሌ ተቋቋመ፤ የቀበሌ መታወቂያም ለሁሉ ነገር መግቢያ ሆነ። አገር አቀፉ የወሳኝ ኩነት ምዝገባ አዋጅ ቁጥር 760 የወጣው በ2004 ዓ.ም. ሲሆን ምዝገባው የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው። ከፍትሐ ብሔሩ ሕግ እስከ ምዝገባው መጀመር 56 ዓመት አለፈ ማለት ነው። በእነዚያ ዓመታት የተወለደው አብዛኛው ሕዝብ ልደቱን በጦርነት፣ በድርቅ፣ በአዝመራ የሚቆጥር ሆኖ አደገ። ታዲያ «በአንበጣው ዓመት» ያለ ሽማግሌ በመስኮት ላይ ቢሳቅበት መሳቅ የሚገባው በማን ነው?

የእኛ ወገን ደግሞ ሌላ ተጨማሪ ችግር ያውቃል። «ሙሐመድ» የሚለው የተከበረ ስም በአንዱ ወረቀት «መሐመድ»፣ በሌላው «ሙሀመድ»፣ በሦስተኛው «መሃመድ» ተብሎ ይጻፋል። በላቲን ፊደል ሲዛወር ደግሞ ሌላ ሦስት ዓይነት ይሆናል። ባለ ስሙ አንድ ነው፤ በወረቀት ግን ስድስት ሰው ሆኗል። ሐጅ ለመሄድ ወይም ወደ ዐረብ አገር ለሥራ ለመጓዝ የተነሣ ሰው ከስድስቱ አንዱ መሆኑን እስኪያስረዳ ስንት ቀን ይመላለሳል! በአንድ ቀን ችኮላ ሐን በሀ የተካው ጸሐፊ ግን ጉዳዩን ዳግመኛ አይሰማውም።

ማንበብ የማይችለው ማን ነው?

ዲዬንግ ደብዳቤውን ራሱ አያነብም። በፖስታ ቤቱ በክፍያ የሚያነብና የሚጽፍ ሰው አለ፤ የአብዱን ቃል የምንሰማው በዚህ ሰው አንደበት ነው። በየፍርድ ቤቱ ደጅ ጃንጥላ ዘርግተው ማመልከቻ የሚጽፉ ሰዎችን ለሚያውቅ የእኛ አገር አንባቢ ትዕይንቱ ትርጉም አያሻውም። የቅርብ ዘመድ ምሥጢር እንኳ ለባዕድ ጆሮ ከተከፈተ በኋላ ነው ለባለቤቱ የሚደርሰው።

እዚህ ላይ ፊልሙ ያልነካው፣ እኛ ግን ልንነካው የሚገባ ነጥብ አለ። የመሥሪያ ቤቱ ቋንቋ ፈረንሳይኛ ነው፤ የሕዝቡ ወሎፍ። ፈረንሳይኛ የማያነብ ሁሉ «ያልተማረ» ይባላል። ነገር ግን ሴኔጋል ወሎፍኛን በዐረብኛ ፊደል የመጻፍ ረጅም ልማድ ያላት አገር ናት፤ የሼኽ አሕመዱ ባምባ ደቀ መዝሙር የነበረው ሙሳ ካ በዚህ ጽሕፈት ብዙ ግጥም ደርሷል። በእኛም አገር የወሎ ዑለማዎች አማርኛን በዐረብኛ ፊደል እየጻፉ መንዙማና ትምህርት አቆይተውልናል። እንዲህ ያለው ሰው ከመስኮቱ ፊት ሲቆም «ፊርማ ካልቻልክ ጣትህን አትም» ይባላል። መሃይምነት አንዳንዴ በሰውየው ውስጥ ያለ ጉድለት አይደለም፤ መሥሪያ ቤቱ የሰውየውን ጽሕፈት ለማንበብ አለመቻሉም መሃይምነት ነው።

ሴምቤን ራሱ ይህን በሕይወቱ ያየ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1923 በዚጊንሾር ከዓሣ አጥማጅ ቤተሰብ ተወለደ፤ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፈረንሳይ ቅኝ ጦር ውስጥ አገለገለ፤ በኋላም በማርሴይ ወደብ ጭነት አውራጅ ሆኖ ሠራ። በፈረንሳይኛ መጻሕፍት ጻፈ። የጻፈላቸው ሰዎች ግን መጻሕፍቱን አያነቡም። ስለዚህ ወደ አርባ ዓመቱ ገደማ ሞስኮ ሄዶ የፊልም ሥራ ተማረ፤ «ማንዳቢ»ንም በወሎፍ ቋንቋ ሠራው። እ.ኤ.አ. በ2007 እስኪሞት ድረስ ከዚህ መንገድ አልወጣም። የቢሮ ነገርም አልለቀቀውም። እ.ኤ.አ. በ1977 የሠራው «ሴዶ» የተሰኘ ፊልም በአገሩ ታገደ፤ በይፋ የተሰጠው ምክንያትም ርእሱ በአንድ «ድ» ይጻፍ ወይስ በሁለት የሚል የፊደል ክርክር ነበር። መስኮቱ ደራሲውንም ራሱን አልማረውም።

የደራሲው ግድፈት

ምስጋናውን ከጨረስን ወደ ነቀፌታው እንለፍ። ሴምቤን ለሃይማኖት ሰዎች ብዙም ፍቅር የነበረው ደራሲ አልነበረም፤ ከላይ የጠቀስነው «ሴዶ»ም የእስልምናን አገባብ በጨለማ ቀለም የሳለ ነው። «ማንዳቢ»ም ከዚህ ነፃ አይደለም። ዲዬንግ ሰፊ ቀሚሱን እያወዛወዘ የሚንጎራደድ፣ በልቶ የሚያገሳ፣ ሚስቶቹን የሚያዝ፣ ሥራ ሳይፈልግ «አላህ ያውቃል» የሚል ሰው ተደርጎ ተስሏል። አንዳንድ ሙስሊም ተመልካች በዚህ ተቆጥቶ ፊልሙን ገና ከመግቢያው ቢዘጋው አይፈረድበትም።

እኛ ግን አንባቢያችን እንዳይዘጋው እንመክራለን፤ ለዚህም ሁለት ምክንያት አለን። የመጀመሪያው፣ ትችቱ በከፊል እውነት መሆኑ ነው። ተወኩል ሥራ መተው አይደለም። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ግመሉን ሳያስር በአላህ ሊመካ ላሰበው ሰው አስቀድሞ እንዲያስራት መምከራቸው የታወቀ ነው። ዲዬንግ ግመሉን አላሰረም። «ተወኩል» እና «ወኪል» በዐረብኛ ከአንድ ሥር የበቀሉ ቃላት ናቸው፤ ሁለቱም ጉዳይን ለሌላ መስጠት ነው። ሽማግሌው ለአላህ ብቻ የሚገባውን ዓይነት መተማመን ሱፍ ለለበሰ ዘመድ ሰጠ፤ ሳያነብ ፈረመ። በየዓመቱ በእኛ አገር ሳያነብ ውክልና የሚፈርም እናትና አባት፣ ቤቱን ያጣ ወንድም ስንት ይሆን? እያንዳንዳችን አንድ ሁለት ታሪክ አናጣም።

ሁለተኛው ምክንያት፣ ደራሲው ያልተናገረውን ሥራው ራሱ መናገሩ ነው። ሴምቤን የዲዬንግን ኩራት ከሃይማኖቱ ጋር ሲያያይዝ፣ ደግነቱን ከምን ጋር ያያይዘዋል? ገንዘብ ጠፋብኝ ላለች እንግዳ ሴት ካለው ላይ ይሰጣል። የእህቱን ድርሻ ከራሱ ችግር አስቀድሞ፣ ተበድሮም ቢሆን ይከፍላል። በመጨረሻ ከተረፈው አንድ ጆንያ ሩዝ እንኳ ለሌላው ያድላል። ይህ ሁሉ ከየት መጣ? ዘካና ሰደቃ፣ አደራና ዝምድና ካስተማሩት ቤት የመጣ ነው። ደራሲው ቀሚሱን አየ፤ ከቀሚሱ ሥር ያለውን ልብ ግን የሣለው ሳያስበው ይመስለናል። እጁ ከሐሳቡ የበለጠ ሐቀኛ ሆነ።

ሌላም ጉድለት አለ። ከመስኮቱ ወዲያ ያሉት ሠራተኞች ከግንባራቸውና ከድምፃቸው በቀር ሌላ ነገር የላቸውም። ደመወዛቸው ስንት ነው? አለቃቸውስ ምን ይላቸዋል? ከሕጉ ቢያፈነግጡ ማን ይጠይቃቸዋል? ፊልሙ አይነግረንም። ፖስታ ቤቱ ያለ መታወቂያ ቢከፍል ኖሮ ደግሞ የአብዱን ላብ ማንም መንገደኛ በወሰደው ነበር። መታወቂያ የተጠየቀው ዲዬንግን ከሌባ ለመጠበቅ ነው። ይህን ሳናስተውል ከሄድን «ወረቀት ሁሉ ክፉ ነው» ወደሚል የተሳሳተ መደምደሚያ እንደርሳለን።

የሥራው እውነተኛ ምሬት ያለውም እዚሁ ላይ ነው። ሌባን ለማገድ የተሠሩት በሮች ሁሉ ባለቤቱን አገዱ። ሌባው ሲመጣ ግን ሁሉም በሮች ተከፈቱለት። የሚናገርበት ፈረንሳይኛ አለው፣ የሚያውቀው ሰው አለው፣ በእጁ በሕግ የጸና ውክልና አለ። ሌብነቱ በወረቀት ረገድ ምንም ጉድለት የለበትም። መሥሪያ ቤቱ ለሰነዱ ትክክለኛነት እንጂ ለሰውየው እውነተኛነት አልቆመምና፣ ምባይን የሚያግድበት ምክንያት አላገኘም። በመሃል ደግሞ ዲዬንግን አንድ የተማረ ዘመድ በመኪና ማዘጋጃ ቤት ሲያደርሰው ጉዳዩ በዚያው ወዳጅ በኩል መስመር ይይዛል። ስለዚህ ችግሩ የጎደለ ወረቀት ብቻ አልነበረም፤ የጎደለው የሚያውቁት ሰው ነበር።

ጸሐፊው ላይ የተጣለ ግዴታ

አንባቢ ሆይ! ለእኛ የሰነድ ጉዳይ ከቅኝ ገዢ ጋር የመጣ እንግዳ ነገር አይደለም። በቅዱስ ቁርኣን ውስጥ ረጅሙ አንቀጽ ስለ ጸሎት ወይም ስለ ጦርነት የሚናገር አይደለም፤ የብድር ውል እንዴት እንደሚጻፍ የሚያስተምር ነው። ሱረቱል በቀራህ 282ኛው አንቀጽ ነው። ትንሽም ትልቅም ዕዳ ከመጻፍ እንዳንሰለች ይመክራል። ታዲያ አንቀጹን ከዳካሩ መስኮት ጋር አስተያይተን ብናነበው አንድ ነገር ጎልቶ ይታየናል።

በመስኮቱ ላይ ግዴታው ሁሉ የባለጉዳዩ ነው፤ አምጣ፣ ተመለስ፣ ነገ ና፣ ሌላ ጨምር። በአንቀጹ ውስጥ ግን ግዴታው በጸሐፊውም ላይ ወድቋል። ጸሐፊው በፍትሕ እንዲጽፍ ታዟል። አላህ (ሱ.ወ.) ዕውቀቱን ስለሰጠው አልጽፍም ብሎ እንዳይመልስ ተነግሮታል። ቃሉን የሚያስጽፈው ዕዳው ያለበት ሰው ነው፤ ከሁለቱ ወገን ደካማው የራሱን ቃል ራሱ እንዲናገር ተደርጓል ማለት ነው። ሰውየው አቅመ ደካማ ቢሆን ወይም ማስጻፍ ቢሳነው ጉዳዩ አይዘጋበትም፤ አሳዳጊው በትክክል እንዲያስጽፍለት ታዟል። ጸሐፊውና ምስክሩም እንዳይጎዱ ጥበቃ ተደርጎላቸዋል። የሚቀጥለው አንቀጽ ደግሞ ጸሐፊ በሌለበትና ሰዎች በተማመኑበት ጊዜ የታመነው ሰው አደራውን እንዲያደርስ ያሳስባል። ወረቀቱ የአደራ ረዳት እንጂ የአደራ ምትክ አይደለም።

ይህን ሚዛን ይዘን ስንመለከት የዲዬንግ መከራ ከወረቀት መብዛት ብቻ የመጣ አለመሆኑ ይገለጥልናል። ጸሐፊው ግዴታውን ጥሎ በባለጉዳዩ ጫንቃ ላይ ስላስቀመጠው ነው። ወኪሉም አደራውን ስለበላ ነው።

ከእኛ የሚጠበቀው

በአገራችን ዛሬ መዝገቡ ከወረቀት ወደ ኮምፒዩተር እየተዛወረ ነው። የዲጂታል መታወቂያ አዋጅ ቁጥር 1284 በ2015 ዓ.ም. ወጥቷል፤ ሰው በጣት አሻራውና በዓይኑ ብሌን ይታወቃል ተብሏል። ይህ ዲዬንግን ከፎቶ አንሺው ጠብ ያድነው ነበር። ከምባይ ግን አያድነውም። ዓይኑ ትክክለኛ የሆነ ሌባ ሌባ ከመሆን አይድንምና። ባዶ እጁን ከመስኮት ለሚመለሰው ሽማግሌም «ሲስተም የለም» የሚለው ቃል «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው» ከሚለው የሚለይበት ነገር የለም።

እንግዲህ ምን እናድርግ? ፖስተኛው አገር መለወጥ የእኛው ፈንታ ነው ሲል ፊልሙ በዚያው ያበቃል፤ ከየት እንደሚጀመር ግን አይናገርም። ከቅርቡ ይጀመር እንላለን። የ2004ቱ አዋጅ ልጅ በተወለደ በ90 ቀናት ውስጥ እንዲመዘገብ ያዛል። በሰባተኛው ቀን ዓቂቃ አርደን ስም ያወጣንለት ልጅ ስሙ በትክክለኛ ፊደል መዝገብ ላይ እንዲሰፍር እስከ ዘጠናኛው ቀን ድረስ ጊዜ አለን። በየመስጊዱ ያሉ የተማሩ ወጣቶች በሳምንት አንድ ሰዓት ቢሰጡ፣ ለሽማግሌና ለአሮጊት ቅጽ ቢሞሉ፣ ውክልና ከመፈረሙ በፊት ቃል በቃል ቢያነቡላቸው ከባድ ወጪ አይጠይቅም። ማንበብ መቻል የሚያስጠይቅ ጸጋ ነው።

በመጨረሻ ከመስኮቱ ወዲያ ለሚቀመጠው ወንድማችንና እኅታችን አንድ ቃል አለን። እርስዎ መመሪያውን አላወጡትም፤ ይህን እናውቃለን። የተጓደለ ወረቀት ተቀብለው ይፈርሙ ማለታችንም አይደለም። ነገር ግን የጎደለው ሦስት ነገር ከሆነ ሦስቱንም በአንድ ጊዜ ይንገሩት። ዛሬ አንዱን፣ ነገ ሁለተኛውን፣ ከነገ ወዲያ ሦስተኛውን አይንገሩት። ለባለጉዳዩ የአንድ ቀን ምልልስ የቀን ምግብ ሊሆን ይችላል። ቀና ብለውም ፊቱን ይዩት። መታወቂያው ላይ ያለው ፎቶ ከፊቱ ጋር እንዲመሳከር አይደል የተለጠፈው? ፊቱን ሳያዩ ፎቶውን ብቻ የሚያይ ሠራተኛ ሥራውን ግማሽ እንኳ አልሠራም። የቂያማ ቀን እኛም ሁላችን የተጻፈ መዝገብ ይዘን የምንቆምበት ደጅ አለ፤ በዚያ ደጅ የሚያውቁት ባለሥልጣን፣ የሚልኩት ወኪል የለም።